የአማዞኑን ካሜራማን ሒሳብ የሚከፍለው ማን ነበር?

ጥያቄ፦ «ጋሼ፣ የሁለተኛ ዓመት የፊልም ተማሪ ነኝ። መቶ ዓመት ገደማ ጠፍቶ የቆየ የብራዚል ፊልም ፕራግ ተገኘ የሚል ወሬ አነበብኩ። ካሜራማኑ ሲልቪኖ ሳንቶስ ይባላል። ስሙን ስፈልግ አንዱ የአማዞን ሲኒማ ፋና ወጊ ይለዋል። ሌላው ሰው ያስጨረሰ የጎማ ኩባንያ ቅጥረኛ ነበር ይላል። እውነቱ የቱ ነው? በዚያ ሙቀትና እርጥበትስ እንዴት ቀርፆ እንዴት አጠበ? ፊልሙንስ ፕራግ ምን ወሰደው?»

ወንድሜ፣ ሁለቱም እውነት ነው። አንዱን ይዘህ ሌላውን ብትጥል ሰውየው ያመልጥሃል። የሲልቪኖን ፊልም ተማሪ ፊት ስከፍት መጀመሪያ የማነሳው የሌንስ ወይም የብርሃን ጉዳይ አይደለም። «የዚህን ሒሳብ የከፈለው ማነው?» ብዬ ነው የምጀምረው።

ዋና ዋና ከፋዮቹ ሦስት ነበሩ። አንድ ፔሩያዊ የጎማ ቱጃር፣ አንድ የማናውስ ነጋዴ፣ አንድ አሜሪካዊ ሀብታም አሳሽ። ከፋዩ በተቀየረ ቁጥር ፍሬም ውስጥ የሚገባው ሰውና ዕቃ ይቀየራል። የካሜራማኑ ችሎታ ግን ያው ነው። ነገሩን የሚያከብደውም ይኸው ነው። ዓመታቱን ሁሉ የምጽፈው በፈረንጅ አቆጣጠር ነውና ልብ በል።

ሲልቪኖ የተወለደው ብራዚል አይደለም። በ1886 ፖርቱጋል ውስጥ ሰርናሽ ዶ ቦንዣርዲም በምትባል አነስተኛ ከተማ ነው። ገና ልጅ ሳለ፣ አሥራ ምናምን ዓመት ሲሆነው፣ አትላንቲክን ተሻግሮ ቤሌም ገባ። ቤሌም አማዞን ወደ ባሕር በሚወጣበት አካባቢ ያለች ወደብ ናት። ጊዜው የጎማ ጊዜ ነው። ብስክሌትና መኪና ዓለምን እየሞሉ ነበር። ጎማቸው የሚሠራበት የዛፍ ወተት ደግሞ በብዛት የሚመጣው ከዚያ ጫካ ነው። ከቤሌም ወንዙን ይዘህ ሽቅብ ብትሄድ ማናውስን ታገኛለህ። ጫካ መሐል ያለች ከተማ ሆና በ1896 ኦፔራ ቤት ከፍታለች። ገንዘቡ እንደዚያ ነበር።

ልጁ ቤሌም ውስጥ መጽሐፍ መደብር ተቀጠረ። ጎን ለጎን ፎቶግራፍና ሥዕል ተማረ። በ1910 ማናውስ ገባ። እዚያ የፎቶ ሥራ ያዘ። ዘመኑ ፎቶግራፈር ሱቅ ከፍቶ የቤተሰብና የሙሽራ ፎቶ እያነሳ የሚያድርበት ነው። ሲልቪኖም ምናልባት እንደዚያው ሆኖ ይቀር ነበር፣ ፔሩያዊው የጎማ ቱጃር አራና ባይመጣ።

ስለ አራና ከመግባቴ በፊት አንድ ነገር ላስቀድም። የዚያ ዘመን የብራዚል ካሜራማን እንዴት እንደሚኖር ካላወቅህ ሲልቪኖን ልዩ ኃጢአተኛ ታደርገዋለህ። በ1910ዎቹና በ20ዎቹ የብራዚል ሲኒማ ቤቶችን የሞላው የውጭ ፊልም ነበር፣ እየቆየ ሲሄድ ይበልጡን የአሜሪካ። ልበ ወለድ ፊልም የሠራ ብራዚላዊ ማሳያ ለማግኘት ፍዳውን ያያል። ስለዚህ ካሜራ ያለው ሰው እንጀራው ትእዛዝ ነው። የባለሀብቱ እርሻ፣ የፋብሪካው ማሽን፣ የገዥው ምረቃ፣ የእግር ኳስ ግጥሚያ። ይህን ከሰው ሰው እየዞሩ ሥራ መለመን ብራዚላውያን ካቫሳውን ይሉታል፤ መቆፈር እንደማለት ነው። በንቀት ነበር የሚጠሩት። ግን የአገሪቱ ካሜራማኖች ሙያቸውን የተማሩትም፣ የበሉትም በእሱ ነው። መንግሥት ደሞዝ የሚከፍላቸው ጥቂቶች ነበሩ። ሻለቃ ቶማስ ሬይስ አንዱ ነው። የሮንዶን ኮሚሽን የሚባለው የጦር ሠራዊቱ የቴሌግራፍ ዘመቻ ካሜራማን ነበር። በ1917 ቦሮሮ የሚባሉትን ሕዝቦች የቀብር ሥርዓት የቀረፀው እሱ ነው። የእሱን ሒሳብ የዘጋው መንግሥት፣ የሲልቪኖን ደግሞ ነጋዴ። ሁለቱም ግን ከፋያቸው የሚፈልገውን ያውቃሉ።

አሁን አራና። ሁሊዮ ሴሳር አራና የሠራው በፑቱማዮ ወንዝ አካባቢ ነው። ፔሩና ኮሎምቢያ ያኔ ይገባኛል የሚሉት መሬት ነበር። ኩባንያው በ1907 ለንደን ውስጥ ተመዘገበ፣ እንግሊዞችም ቦርዱ ውስጥ ገቡ። ዊቶቶ፣ ቦራ፣ አንዶኬ የሚባሉት ሕዝቦች ጎማ እንዲያመጡ ይገደዱ ነበር። የተመደበባቸው ኪሎ ሲጎድል ይገረፋሉ፤ የሚሸሹት ይታደናሉ፤ በግንድ ተጠርቀው በረሃብ የሞቱም አሉ። በ1909 ወሬው ለንደን ጋዜጣ ላይ ወጣ። በ1910 የእንግሊዝ መንግሥት ሮጀር ኬዝመንትን ላከ። ኬዝመንት ቀደም ሲል የኮንጎን የጎማ ግፍ ያጋለጠ ዲፕሎማት ነው። ሪፖርቱ በ1912 ታተመ። የሟቾቹን ቁጥር ወደ 30,000 ገምቶታል።

እንግዲህ አራና ስሙን ማጠብ ነበረበት። ኬዝመንት የጻፈ ብቻ አይደለም፣ ፎቶም አንስቷል። በፎቶ ለመጣ ክስ መልሱም ፎቶ መሆን አለበት። በዚያው 1912 የእንግሊዝና የአሜሪካ ቆንስሎች ቦታውን ሊያዩ ሲሄዱ አራና አብሯቸው ሄደ። የማናውሱ የፔሩ ቆንስል ካርሎስ ሬይ ዴ ካስትሮም አለ፤ የአራና ሰው ነው። ፎቶ አንሺው ደግሞ የ25 ዓመቱ ሲልቪኖ። የጉዞው አልበም ዛሬም አለ። ከነሐሴ እስከ ጥቅምት የተነሳ ነው። የኩባንያው ጣቢያዎች፣ ተሰልፈው የቆሙ ሰዎች፣ ጭፈራ፣ ወንዝ። የአልበሙ ሐሳብ ግልጽ ነው፦ እዚህ ሰላም ነው፣ ሥርዓት ነው፣ ሥራ ነው።

ሲልቪኖ ግፉን ያውቅ ነበር ወይ ብለህ ትጠይቀኝ ይሆናል። ቆንስሎቹ ወደዚያ የተላኩት ለዚሁ ጉዳይ ነው። ዓለም የሚያወራውን ነገር ጀልባው ላይ ያለ ፎቶግራፈር አልሰማም ማለት ይከብዳል። እኔ በበኩሌ ይህን ነገር ማለሳለስ አልወድም። ወጣት ነበር፣ ሥራ ያስፈልገው ነበር፣ ልክ ነው። ያነሳው ፎቶ ግን የተነሳው ለገራፊው ጥብቅና ነው።

የአልበሙ ዕጣ ግን አራና እንዳሰበው አልሆነም። በ2013 አንትሮፖሎጂስቶች ከነማብራሪያው አሳትመውታል። ዛሬ ተመራማሪዎች ማን የት ጣቢያ እንደነበረ፣ ቤቶቹ ምን ይመስሉ እንደነበር ከእሱ ያነባሉ። ከኩባንያው ጣቢያዎች አንዷ በነበረችው ላ ቾሬራ የነበረው የአራና ቤት የነዚያው ሕዝቦች ልጆች የሚማሩበት ሆኗል። በ2012 የኮሎምቢያ ፕሬዚዳንት ስለ ጭፍጨፋው በይፋ ይቅርታ ጠይቀዋል። ካሜራ ከፋዩ ያላዘዘውንም ይመዘግባል። ፊት ለፊት የተሰለፈው ሰው ፊቱን የሚያኮሳትርበትን ምክንያት ማንም ከፎቶው ማጥፋት አልቻለም።

አራና ከፎቶ ቀጥሎ ፊልም ፈለገ። ሲልቪኖን በ1913 ፓሪስ ላከው። እዚያ ፓቴና ሉሚዬር በሚባሉት የፈረንሳይ የፊልም ድርጅቶች ዘንድ ሠለጠነ። የዚያን ጊዜ ፓቴ ማለት የዓለም ትልቁ የፊልም ድርጅት ነው። ከአማዞን ተነስቶ እዚያ መማር ትልቅ ዕድል ነበር። ተመልሶ ፑቱማዮ ገባና ቀረፀ። ያ ፊልም ግን ለእኛ አልደረሰም። ኔጌቲቩን፣ ማለት ቅጂ የሚወጣበትን ዋናውን ፊልም፣ የጫነው መርከብ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ሰመጠ ነው የሚባለው። በመሐሉ ሲልቪኖ አና ማሪያ የምትባል የአራና ቤት ልጅ አገባ። ስለዚህ ከአራና ጋር የነበረው ነገር ከሥራም አልፎ ቤተሰብ ሆኗል።

ወደ ሁለተኛው ጥያቄህ ልምጣ፤ ለእኔ ጣፋጩ ይሄ ነው።

የዚያ ዘመን ፊልም ከናይትሬት የተሠራ ስስ ላስቲክ መሰል ነገር ነው። ላዩ ላይ ጄላቲን ተቀብቷል። ብርሃን የሚይዙት የብር ቅንጣቶች ያሉት ጄላቲኑ ውስጥ ነው። ናይትሬቱ በቀላሉ እሳት ይይዛል፤ አንዴ ከያዘ ውኃም አያጠፋውም። የአማዞን ዋናው ጠላት ግን ጄላቲኑ ላይ ነው የሚመጣው። ፊልም ማጠቢያው ፈሳሽ 18 ወይም 20 ዲግሪ ቢሆን ደስ ይለዋል። የማናውስ ውኃ ግን 28 እና 30 አካባቢ ነው። በዚያ ሙቀት ጄላቲኑ ውኃ ጠጥቶ ያብጣል፣ ይለሰልሳል፣ ከዚያ እንደ ቅቤ ከላስቲኩ ላይ ይንሸራተታል። ምስሉም አብሮት ይሄዳል። የሁለት ሳምንት ድካም በአንድ ባልዲ ውስጥ ቀረ ማለት ነው።

በሞቃት አገር የሚሠሩ ሰዎች መላቸው ምን ነበር? አንደኛ ሌሊት ማጠብ። ከእኩለ ሌሊት በኋላ ውኃው ትንሽ ይበርዳል። ሁለተኛ ጄላቲኑን ማጠንከር። ሸብ ወይም ፎርማሊን ፈሳሹ ውስጥ ይጨመራል፣ ጄላቲኑ ይጨብጣል። መጠኑ ከበዛ ደግሞ ፊልሙ ይደርቅና ይሰነጠቃል። ሦስተኛው ውኃው ራሱ ነው። ፊልም በደንብ ካልታጠበ ኬሚካሉ ውስጡ ቀርቶ በኋላ ምስሉን ይበላዋል። ስለዚህ ብዙ ንጹሕ ውኃ ያስፈልጋል። ሶሊሞይስ የሚባለው የአማዞን ክፍል ደለል የሞላበት ቡናማ ነው። ሪዮ ኔግሮ ደግሞ ደለል የለውም፣ ግን እንደ ስሙ ጥቁር ነው። ከየትኛውም ብትቀዳ ማጣራት አለብህ። ከዚያ ማድረቁ አለ። አየሩ ራሱ እርጥብ በሆነበት ቦታ ሜትር በሜትር የተሰቀለ እርጥብ ፊልም ነፍሳት ይለጠፉበታል፣ ሻጋታም ይይዘዋል።

«ታዲያ ሳይታጠብ ለምን ከተማ አይልከውም?» ትል ይሆናል። አይሆንም። የተቀረፀ ግን ያልታጠበ ፊልም በሙቀትና በእርጥበት ውስጥ ሲቆይ ምስሉ እየደበዘዘ ይሄዳል። ቶሎ መታጠብ አለበት። ስለዚህ ካሜራማኑ ራሱ ላብራቶሪ ነው። ሲልቪኖ ከፓሪስ ይዞት የመጣው ትልቁ ዕውቀት ይኼ የኬሚካል ዕውቀት ይመስለኛል። ካሜራ ማዞር በጥቂት ቀን ይለመዳል፤ ቆርቆሮ ቤት ውስጥ በ30 ዲግሪ ፊልም ማጠብ ግን አይለመድም።

ካሜራውም በእጅ ነው የሚዞረው። አንድ ዙር 8 ፍሬም፣ ማለት 8 ነጠላ ምስል ነው። በሰከንድ ሁለት ጊዜ ታዞራለህ፣ 16 ፍሬም ይሆናል። እጅህ ከፈጠነ በኋላ ማሳያው ላይ ሰዎቹ ይንቀረፈፋሉ፤ ከዘገየ ደግሞ ይሯሯጣሉ። የዘመኑ ካሜራማኖች ምቱን ለመጠበቅ በልባቸው ዜማ ያንጎራጉሩ ነበር። 120 ሜትር ፊልም ከገባበት ስድስት ደቂቃ ተኩል ብቻ ነው ያለህ። በዚህ ላይ ጀልባው ይወዛወዛል።

ሌላም ነገር አለ፣ ይህን ካወቅህ ፊልሞቹን በሌላ ዓይን ታያቸዋለህ። የዚያን ጊዜ ፊልም ቀይን አያይም፣ አረንጓዴንም በግማሽ ነው የሚያየው። ሰማያዊ ግን አያመልጠውም። ስለዚህ ሰማይ ነጭ ሆኖ ይወጣል፣ ጫካው ደግሞ ጥቁር ግድግዳ ይሆናል። ከትልልቆቹ ዛፎች ሥር የሚደርሰው ብርሃንም እጅግ ትንሽ ነው። ፊልሙ ዘገምተኛ፣ ቦታው ጨለማ። ታዲያ የት ይቀረፅ? ወንዝ ላይ፣ ዳር ላይ፣ ዛፍ በተቆረጠበት ገላጣ ቦታ። የጥንቶቹ የአማዞን ፊልሞች ሁሉ የወንዝ ፊልሞች የሚመስሉት አንዱ ምክንያት ይኼ ነው። ጀልባዋ ትራይፖድም (የካሜራ ማቆሚያ) ነበረች፣ ዶሊም (ካሜራ የሚገፋበት ጋሪ) ነበረች።

በተቃራኒው ለፊልሙ የተፈጠረ የሚመስል ነገር ቢኖር የጎማ ሥራ ነው። ሠራተኛው ዛፉን በስለት ይሰነጥቀዋል፣ ነጭ ወተት ይወርዳል። ጥቁር ግንድ ላይ ነጭ መስመር፤ ከዚህ የተሻለ ኮንትራስት አታገኝም። ቀጥሎ ወተቱን እሳት አጠገብ ይወስደዋል። እንጨት ላይ እያፈሰሰ ጭስ ላይ ያገላብጠዋል። እያንዳንዱ ንብርብር ሲደርቅ ሌላ ያፈስበታል፣ ትልቅ ኳስ እስኪሆን። ጭሱ ውስጥ ብርሃን ከኋላ ሲገባ እንዴት እንደሚያምር አንተም ታውቀዋለህ። ሲልቪኖ ይህን ዓይነት ሥራ ሲቀርፅ አይቸኩልም። ካሜራውን ያቆምና እጆቹ ሥራቸውን እስኪጨርሱ ይጠብቃል። እጅ መቅረፅ ያውቅበታል። የእሱን ሾት ከሌሎቹ የምለየው በዚህ ነው።

አሁን ፕራግ። በ1918 ማናውስ ውስጥ አማዞንያ ሲኒ ፊልም የሚባል ድርጅት ተቋቋመ፣ ሲልቪኖ ካሜራውን ያዘ። ሦስት ዓመት ገደማ ወንዝ ለወንዝ ዞሮ አንድ ረጅም ዘጋቢ ፊልም ቀረፀ። ስሙ «አማዞን፣ የዓለም ትልቁ ወንዝ» ነው። ፊልሙ ሲያልቅ አውሮፓ ገበያ ይገኝለታል ተባለና ፕሮፔርሲዮ ዴ ሜሎ ሳራይቫ የሚባል ሰው ይዞት ሄደ። ለድርጅቱ ሰዎች ቅርብ ስለነበር አምነውታል። ሰውየው የራሱ አስመስሎ ሸጠው። በሰው ወርቅ አይደምቁ ሲባል አልሰማም መሰለኝ። ፊልሙ አውሮፓ ውስጥ በልዩ ልዩ ስም ታየ፤ ማናውስ ግን ገንዘቡም ኔጌቲቩም አልተመለሰም። ድርጅቱ ከሰረ። ሲልቪኖ የደከመበትን ፊልም ዳግም ሳያይ ኖሮ ሞተ።

አንድ ፊልም እንዴት እንዲህ ይጠፋል? ያኔ ቀላል ነበር። ድምፅ የለም። የሚነበቡት የጽሑፍ ካርዶች ናቸው። የፖርቱጋልኛውን ካርድ ቆርጠህ የቼክኛ ትቀጥልበታለህ። የሠሪውን ስም ታወጣና ሌላ ታስገባለህ። በቃ፣ ፊልሙ ዜግነቱን ለወጠ። ፕራግ ያለው ብሔራዊ የፊልም ማኅደር ውስጥ አንድ ቅጂ ነበር። መዝገቡ ላይ የ1925 የአሜሪካ ፊልም ተብሎ ነው የተጻፈው። ማንም አልደበቀውም፤ መደርደሪያው ላይ ተቀምጧል፣ መለያው ስሕተት ስለሆነ ግን የሚፈልጉት ሰዎች ሊያገኙት አልቻሉም። በ2023 ጣሊያን ፖርዴኖኔ ላይ የሚካሄደው የድምፅ አልባ ፊልም ፌስቲቫል ዳይሬክተር ጄይ ዋይስበርግ ፊልሙን አይቶ ጠረጠረ። ሲልቪኖን የሚያጠናው ብራዚላዊ ተመራማሪ ሳቪዮ ስቶኮ አረጋገጠ። በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ ፌስቲቫሉ ላይ ታየ። አንተ ያነበብከው ወሬ ይኼ ነው።

ከኪሳራው በኋላ የመጣው ሁለተኛው ከፋይ ዦዋኪም ጎንሳልቬስ ዴ አራውዦ ነው። እሱም ፖርቱጋል ተወልዶ ማናውስ የከበረ ነጋዴ ነው። ጊዜው ግን ተቀይሯል። በ1876 እንግሊዛዊው ሄንሪ ዊክሃም የጎማ ዛፍ ዘር ከአማዞን ወደ ለንደን አሻግሮ ነበር። ያ ዘር እስያ ውስጥ እርሻ ሆነ። ከ1910 በኋላ የእስያ ጎማ ገበያውን ሞላው፣ የአማዞን ዋጋ ወደቀ። ማናውስ በአንድ ጊዜ ደኸየች። ነጋዴው ሌላ የሚሸጥ ነገር ማሳየት ነበረበት።

በ1922 ብራዚል የነፃነቷን መቶኛ ዓመት በትልቅ ኤግዚቢሽን ሪዮ ዴ ጃኔሮ ላይ ልታከብር ነው። አራውዦ «ኖ ፓይስ ዳስ አማዞናስ» («በአማዞኖች አገር») የሚባለውን ፊልም አሠራ። ልጁ አዤሲላው አብሮ ዳይሬክተር ተባለ፣ ካሜራው ሲልቪኖ ላይ ነው። ፊልሙ ሁለት ሰዓት አካባቢ ነው። ዓሣ አለ፣ የወንዝ ሣር የሚበላው ግዙፉ ማናቲ ሲታደን አለ፣ የብራዚል ለውዝ አለ፣ ትምባሆ፣ ጓራና የሚባለው መጠጥ የሚሠራበት ፍሬ፣ በሰሜኑ የሪዮ ብራንኮ ሜዳ ላይ ከብት። ጎማም አለ፣ ግን ከብዙዎቹ እንደ አንዱ። ይህን ዝርዝር እንደ ነጋዴ ብታነበው የዕቃ ካታሎግ ነው። ሁሉም ነገር ከጫካ ይጀምራል፣ በጀልባ ይጫናል፣ ማናውስ ይደርሳል። ኤግዚቢሽኑ ላይ የወርቅ ሜዳሊያ አገኘ።

ማስታወቂያ ነው ብለህ እንዳትጥለው። የለውዙን ክፍል ተመልከት። ለውዙ የሚገኘው የሕፃን ራስ በሚያክል ደንዳና ቅርፊት ውስጥ ነው። ከትልቅ ዛፍ ላይ ሲወድቅ ሰው ይገድላል። ሠራተኛው ቅርፊቱን በገጀራ ይፈልጠዋል። እጁና ስለቱ መሐል ያለው ርቀት ትንሽ ነው። ሲልቪኖ እንዲህ ያለው ሥራ ላይ ይቆያል። ነጋዴው የሚፈልገው ለውዙን ነው፣ እኛ የምናየው ግን ሰውየው እንዴት እንደሚሠራ ጭምር ነው።

የማታየውንም ልንገርህ። አቪያሜንቶ የሚባል የዱቤ ሥርዓት ነበር። ነጋዴው ለጎማ ለቃሚው ዱቄት፣ ጨው፣ ጥይት በዱቤ ይሰጠዋል፣ በራሱ ዋጋ። ለቃሚው በጎማ ይከፍላል፣ ያም በነጋዴው ዋጋ። ዕዳው አያልቅም። የአራውዦ ቤት በዚህ ሥርዓት ውስጥ ትልቅ ስም ነበረው። የዕዳ ደብተሩ ግን ፍሬም ውስጥ አልገባም። ማን ያስገባዋል?

ሦስተኛው ከፋይ አሌክሳንደር ሃሚልተን ራይስ ነው። ሐኪም፣ አሳሽ፣ የናጠጠ ሀብታም። በ1924 እና 25 ወደ ሪዮ ብራንኮና ኡራሪኮዌራ ወንዞች ዘመተ። ሬዲዮ ይዟል፣ ውኃ ላይ የሚያርፍ አውሮፕላን ይዟል። አብራሪው ዋልተር ሂንተን በ1919 አትላንቲክን በአየር ካቋረጡት የመጀመሪያዎቹ ሰዎች አንዱ ነው። ጀርመናዊው የሕዝቦች አጥኚ ቴዎዶር ኮህ ግሩንበርግም አብሮ ነበር፤ መንገድ ላይ በ1924 በወባ ሞተ። ሲልቪኖ ለጉዞው ተቀጠረና በ1925 «ኖ ራስትሮ ዶ ኤልዶራዶ» («በኤልዶራዶ ዱካ») የሚባለው ፊልም ወጣ።

እዚህ ላይ አማዞን ከአየር ላይ ይታያል፤ በዓይነቱ ከመጀመሪያዎቹ መሐል ተደርጎ ይጠቀሳል። ቅድም ስለ ፊልሙ ቀለም ያልኩህን አስታውስ። ከላይ ሲታይ ጫካው ጥቁር ምንጣፍ ይሆናል፣ ወንዙ ነጭ መስመር። ለራይስ ይህ ካርታ ነው። የመጣውም ለካርታ ነው። ለተመልካቹ ደግሞ ሰው የሌለበት ባዶ አገር ይመስላል። ሰው ግን ነበረበት፤ መሬት ላይ የተቀረፁት ክፍሎች ራሳቸው የአካባቢውን ሕዝቦች ያሳያሉ። አንዱ ፊልም ውስጥ ሁለቱም መኖራቸው ደስ ይለኛል።

ከዚህ በኋላ ያለው አጭር ነው። ድምፅ ያለው ፊልም መጣ፣ ወጪው ናረ፣ ማናውስም አላንሰራራችም። ሲልቪኖ የአራውዦ ድርጅት ተቀጣሪ ሆኖ ቀረ። የአለቃውን ቤተሰብ ቀረፀ፣ ፖርቱጋል ሲሄዱ አብሮ ሄዶ አገሩን ቀረፀ። እንደገና በዚያ ስፋት የሠራው ትልቅ ፊልም የለም። ለብዙ ዓመታት ያስታወሰው አልነበረም። በ1969 ማናውስ ላይ የፊልም ፌስቲቫል ሲዘጋጅ ወጣቶች ሽማግሌውን አገኙትና አከበሩት። ትዝታውንም በዚያው ዓመት ጻፈ። በ1970 አረፈ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ልልህ ነበር፣ ግን በሕይወት እያለ መድረሳቸውም አንድ ነገር ነው።

እንግዲህ ፋና ወጊ ነው ወይስ ቅጥረኛ ላልከው፦ በ1912 አልበም ቅጥረኛ ነው፣ ያውም የመጥፎ ጌታ። በ1922 የነጋዴ ካሜራማን ነው፣ እንደ ብዙዎቹ የዘመኑ ብራዚላውያን። የሙያውን ነገር ካነሳህ ደግሞ በዚያ ሙቀት ያን ያህል የጠራ ምስል ያወጣ ሰው ብዙ አላውቅም። ሦስቱን አደባልቄ አማካይ ውጤት ልስጥህ ብል ውሸት ይሆንብኛል።

ማየት ከፈለግህ «ኖ ፓይስ ዳስ አማዞናስ» ኢንተርኔት ላይ አለ። ከእሱ ጀምር። መጀመሪያ ድምፁን አጥፋው፤ ኋላ የተጨመረ ሙዚቃ ካለ ስሜትህን ይመራብሃል። ሰዎቹ ከፈጠኑብህ ፍጥነቱን ቀንሰው፤ ፊልሙ በሰከንድ በ16 ፍሬም ተቀርፆ በ24 እየታየ ሊሆን ይችላል። ቀጥሎ «ኖ ራስትሮ ዶ ኤልዶራዶ»ን እይ። የ1912ን አልበም በመጨረሻ ክፈተው፣ ከኬዝመንት ሪፖርት ጋር ጎን ለጎን አድርገህ። የፕራጉን ካገኘኸው ደግሞ የጽሑፍ ካርዶቹን እንደ ሲልቪኖ ቃል አትያዛቸው። ካርድ የሚያስገባው ሻጩ ነው።